ዘንባባ በቀዝቃዛ አገር፦ ማዳበሪያው መቼና ምን ያህል? ልቡስ ከብርድ እንዴት ይጠበቃል?

ዋሽንግተን ዲሲ፣ ሜሪላንድና ሰሜን ቨርጂኒያ አካባቢ ደጃፍ ላይ የተተከለ ዘንባባ ሲደርቅ ጥፋተኛ የሚባለው የጃንዋሪ ብርድ ነው። ብዙውን ጊዜ ግን ዛፉ የተጎዳው ቀደም ብሎ ነው፦ ኦገስት መጨረሻ ላይ በተበተነ የሣር ማዳበሪያ፣ ውሃ በሚያቁር ጉድጓድ፣ ወይም ኖቬምበር ላይ ተጠቅልሎ እስከ ማርች ሳይፈታ በቆየ ላስቲክ። ብርዱ የሚጨርሰው ሌላው የጀመረውን ነው። ስለዚህ እዚህ የምናተኩረው በሁለት ነገር ላይ ነው፤ አፈሩ ሲሞቅ በጊዜ መመገብና በጊዜ ማቆም፣ ከዚያም የዛፉን ልብ ከእርጥበት መጠበቅ። ምሳሌያችን የዲሲ አካባቢ ነው፤ ሲያትል ለሚኖር ሰው የሚለየውን ቦታው ላይ እንናገራለን። ወራቱ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

መጀመሪያ አንድ ነገር ልብ ይበሉ። ባሕር ዛፍ ቢቆረጥ ከጉቶው ያቆጠቁጣል። ባለ አንድ ግንድ ዘንባባ ግን እንደዚያ አይደለም። የሚያድገው ከአናቱ መሃል ካለችው አንዲት ልብ ብቻ ነው፤ ከዚያች ልብ ገና ያልተከፈተው አዲስ ቅጠል እንደ ጦር ቀጥ ብሎ ይወጣል። ከዚህ በኋላ «ጦሩ» ስንል እሱን ነው። ቅጠሉ ሁሉ ቢረግፍ ልቡ እስካለ ድረስ ዛፉ ይመለሳል፤ ልቡ ከበሰበሰ ግን አረንጓዴ ቅጠሎቹ ለወራት ቆመው ቢታዩም ዛፉ አልቋል።

የትኛው ዘንባባ?

አገር ቤት ወንዝ ዳር የሚበቅለው፣ ለሆሳዕና ቅጠሉ የሚቆረጠው ዘንባባ ከዜሮ በታች ጥቂት ዲግሪ ሲወርድ ይጎዳል፤ ዲሲ ውስጥ ውጭ ተተክሎ አይዘልቅም። የቤት ማስጌጫ ተብለው በየሱቁ የሚሸጡት ማጀስቲና አሬካም እንዲሁ ናቸው። ውጭ ሊከርሙ የሚችሉት ጥቂት ናቸው። ግንድ አውጥቶ ከፍ የሚለው ዊንድሚል ፓልም ነው፤ መጀመሪያ ከቻይና የመጣ፣ ቅጠሉ እንደ ማራገቢያ የተዘረጋ፣ ግንዱ ቡናማ ቃጫ የለበሰ። ሥር ሰዶ ሲጠነክር እስከ 12 ዲግሪ ሴልሺየስ ከዜሮ በታች (10 ፋራናይት) ይቋቋማል፤ ከዚያ በታች ቅጠሉ ይቃጠላል፣ ልቡም አደጋ ላይ ይወድቃል። ኒድል ፓልምና ሳባል ማይነር ደግሞ አጫጭር፣ ቁጥቋጦ መሰል ናቸው፤ በጥንካሬ ግን ዊንድሚሉን ይበልጡታል። ኒድል ፓልም 20 ዲግሪ ከዜሮ በታች የደረሰ ብርድ ሊያልፍ ይችላል። ብዙ ጊዜ መጠቅለል ለማይመቸው ሰው የምንመክረው ኒድል ፓልምን ነው፤ በማጠሩ ለሚሰማው ቅሬታ በሕይወት መቆየቱ ይክሳል።

አተካከል

የሚተከልበት ጊዜ ከኤፕሪል መጨረሻ እስከ ጁን ነው። በኦክቶበር በቅናሽ ተገዝቶ የሚተከል ዘንባባ ሥር ሳይሰድ ብርዱ ይደርስበታል፤ የዘንባባ ሥር በቀዝቃዛ አፈር ውስጥ አያድግም።

ቦታው ወደ ደቡብ የዞረ፣ ከሰሜን ምዕራብ ነፋስ የተከለለ ይሁን። የቤት ግድግዳ ቀን የሰበሰበውን ሙቀት ሌሊት ስለሚመልስ ይረዳል። ከግድግዳው ግን ቢያንስ አንድ ሜትር ተኩል ይራቁ፤ አንደኛ ከጣሪያ የሚንሸራተተው በረዶና ከአሸንዳ የሚፈሰው ውሃ አናቱ ላይ ይወርዳል፣ ሁለተኛ ከኮንክሪት መሠረት የሚታጠበው ኖራ የአፈሩን አሲዳማነት ይቀንሳል፤ ያ ደግሞ ዛፉ ማንጋኒዝና ብረት እንዳያገኝ ያግደዋል። በረዶ ለማቅለጥ ጨው ከሚበተንበት የእግረኛ መንገድ ዳርም አይትከሉ።

የዲሲ አካባቢ አፈር በአብዛኛው ቀይ ሸክላ ነው። ጉድጓዱን ቆፍረው በባልዲ ውሃ ይሙሉት፤ በማግሥቱ ውሃው ካልሰረገ እዚያ መትከል ማለት ዛፉን ገንቦ ውስጥ መዝፈቅ ነው። መፍትሔው ጉድጓዱን ጥልቅ አድርጎ በጠጠር መሙላት አይደለም፤ ውሃው ወደዚያው ይሰበሰባልና። ይልቅስ አፈሩን ከ15 እስከ 20 ሴንቲ ሜትር ከፍ አድርገው፣ አንድ ሜትር ያህል ስፋት ያለው ጉብታ ሠርተው እዚያ ላይ ይትከሉ። ጥልቀቱም ድሮ በመያዣው ውስጥ ከነበረው አይለፍ። ግንዱ እንዳይወድቅ ተብሎ በጥልቀት የተቀበረ ዘንባባ ሥሩ አየር ያጣል፤ ከአንድ ሁለት ዓመት በኋላ አዲሶቹ ቅጠሎች ቢጫ መሆን ሲጀምሩ ሰው ማዳበሪያ ይጨምራል፣ ችግሩ ግን ጥልቀቱ ነው።

ማዳበሪያ

ዩሪያና ዳፕ ለጤፍና ለስንዴ የሚያውቃቸው ሰው እነዚያን ከዘንባባ ያርቅ። ዩሪያ ናይትሮጅን ብቻ ነው፤ ዳፕ ናይትሮጅንና ፎስፈረስ። ዘንባባ አብዝቶ የሚፈልገው ፖታሲየም ሁለቱም ውስጥ የለም። የሣር ማዳበሪያም ከዚህ አይሻልም፤ ናይትሮጅኑ ብዙ፣ ፖታሲየሙ ጥቂት ነው። ናይትሮጅን ዛፉን እያጣደፈ ያሳድገዋል፣ ለዚያ እድገት የሚሆን ፖታሲየም ግን አፈሩ ውስጥ የለም፤ ስለዚህ ዛፉ ከአሮጌ ቅጠሎቹ እየመጠጠ ለአዲሱ ይሰጣል፣ ከላይ ለምልሞ ከታች ይከሳል። ሣርዎን ማዳበር ካለብዎት ከዘንባባው ግንድ ቢያንስ ሦስት ሜትር ርቀው ያቁሙ።

የፍሎሪዳ ዩኒቨርሲቲ ለዘንባባ የሚመክረው ቅንብር 8-2-12 ሲሆን 4 በመቶ ማግኒዥየም ይጨመርበታል። ከረጢቱ ላይ ቁጥሮቹ በቅደም ተከተል ናይትሮጅን፣ ፎስፈረስና ፖታሲየም ናቸው። ልክ ይህ ባይገኝ እንኳ ሦስተኛው ቁጥር ከመጀመሪያው የሚበልጥ፣ መካከለኛው ትንሽ የሆነ ይምረጡ። ከረጢቱን ገልብጠው ጀርባውንም ያንብቡ። ናይትሮጅኑ፣ ፖታሲየሙና ማግኒዥየሙ ቀስ ብሎ የሚለቀቅ ዓይነት መሆኑ ተጽፎ መገኘት አለበት። በአንዳንዱ ርካሽ ምርት ቀስ ብሎ የሚለቀቀው ናይትሮጅኑ ብቻ ነው፤ ፖታሲየሙ በሁለት ሦስት ዝናብ ታጥቦ ይሄዳል፣ ናይትሮጅኑ ለወራት ይቀራል፤ በመጨረሻ የሣር ማዳበሪያ ከማድረግ አይለይም። ማንጋኒዝ፣ ብረትና ቦሮንም በጥቂቱ መኖር አለባቸው።

መጠኑ በአንድ ካሬ ሜትር 70 ግራም ነው። የሚለካው ከቅጠሎቹ ጥላ በታች ያለው መሬት ነው። ቅጠሎቹ ከግንዱ በየአቅጣጫው 1 ሜትር ከ20 የተዘረጉ ዛፍ አራት ካሬ ሜትር ተኩል ያህል ይሸፍናል፤ ይህ ወደ 315 ግራም ይመጣል። በእፍኝ አይገምቱ፤ በኩሽና ሚዛን ይመዝኑ። ፍሎሪዳ ውስጥ አፈሩ አሸዋ ስለሆነና ዘንባባው ዓመቱን ሙሉ ስለሚያድግ ይህ መጠን በዓመት አራት ጊዜ ይሰጣል። ዲሲ ሁለት ጊዜ ይበቃል፤ ሸክላው ምግቡን ይይዛል፣ ዛፉም የሚበላበት ወቅት አጭር ነው።

የመጀመሪያው መቼ እንደሚሰጥ ዛፉ ራሱ ይናገራል። ኤፕሪል ላይ ጦሩና አጠገቡ ያለው ቅጠል እጀታ በሚገናኙበት ቦታ፣ ውሃ በማያጠፋው ማርከር ሁለቱንም የሚያቋርጥ አንድ ቀጥ ያለ መስመር ያስምሩ። በየሳምንቱ ይመልከቱ። የጦሩ መስመር ከእጀታው መስመር በላይ ከፍ ካለ ዛፉ ማደግ ጀምሯል፤ ያን ጊዜ ማዳበሪያውን ይስጡ። መስመሩ ካልተንቀሳቀሰ ሥሩ ገና ተኝቷልና የሚበተነው ይባክናል። ዲሲ አካባቢ ይህ ብዙ ጊዜ ሜይ መጀመሪያ ላይ ነው። ሁለተኛው ዙር ጁላይ መጀመሪያ ላይ ይሰጣል። ከጁላይ አጋማሽ በኋላ ቀስ ብሎ የሚለቀቅ ማዳበሪያ አይበትኑ፤ እስከ ሦስት ወር ሲለቀቅ ስለሚቆይ በኦክቶበርም ዛፉን ማነሳሳቱን አይተውም፤ ያኔ የሚወጣው ለጋ ቅጠል ደግሞ ለመጀመሪያው ውርጭ የተጋለጠ ነው።

አበታተኑ ቀላል ነው፣ ግን ስህተት ይበዛበታል። ጉዝጓዙን (አፈሩ ላይ የተነጠፈውን ቅርፊት ወይም የጥድ ቅጠል) ወደ ጎን ገፋ አድርገው፣ ከግንዱ 30 ሴንቲ ሜትር ርቀው ይጀምሩ፤ ከቅጠሎቹ ጫፍ ውጭ እስከ ግማሽ ሜትር ድረስ እኩል ይዝሩት። በመቆፈሪያ አይቀላቅሉት፤ የዘንባባ ሥር ከላይኛው አፈር ብዙም አይርቅምና ይቆረጣል። ጉዝጓዙን መልሰው አፈሩ ጥቂት ሴንቲ ሜትር እስኪረጥብ ያጠጡ። እንክብሉ ልቡ ውስጥ ወይም በቅጠሎቹ ብብት ውስጥ ከገባ ስለሚያቃጥል በውሃ አጥበው ያስወጡት። መሬት ውስጥ የሚቸነከሩ የማዳበሪያ ካስማዎችን አንመክርም፤ ጨውን አንድ ቦታ ያከማቹና አጠገባቸው ያለውን ሥር ያቃጥላሉ፣ የቀረው ሥር ግን አያገኘውም።

በዚያው ዓመት የተተከለ ከሆነ አዲስ ቅጠል ከፍቶ እስኪያሳይ ምንም አይስጡ፤ ከዚያ በኋላ የመጠኑን ግማሽ።

ከመብዛት መጉደል ይሻላል የሚባለው ለዘንባባም ይሠራል። በሸክላ አፈር ላይ ለሦስት ዓመት ያህል የተመገበ ዛፍ ጤነኛ ከሆነ አፈሩን ያስመርምሩ። ቨርጂኒያ ያለ ሰው በየካውንቲው ባለው የግብርና ኤክስቴንሽን ቢሮ በኩል ናሙናውን ወደ ቨርጂኒያ ቴክ የአፈር ላቦራቶሪ መላክ ይችላል። ፒኤቹ (የአፈሩ አሲዳማነት መለኪያ፤ ቁጥሩ ሲያድግ አሲዳማነቱ ይቀንሳል) ከ6 እስከ 6.5 ቢሆን ጥሩ ነው፤ ከ7 ካለፈ ሣሩ ላይ የሚበተነውን ኖራ እዚያ አካባቢ ያቁሙ።

ቅጠሉን ማንበብ

ቅጠል ቢጫ ሲሆን ሁሉም ሰው «ምግብ አነሰው» ይላል። የትኛው ቅጠል ነው ቢጫ የሆነው? መልሱ ያለው እዚያ ነው። ፖታሲየምና ማግኒዥየም በዛፉ ውስጥ ይንቀሳቀሳሉ፤ ሲያንሱ ከታች ካሉት አሮጌ ቅጠሎች ተወስደው ለአዲሱ ይሰጣሉ፤ ስለዚህ ምልክቱ ከታች ይጀምራል። ማንጋኒዝ፣ ብረትና ቦሮን አይንቀሳቀሱም፤ ሲያንሱ ምልክቱ አዲሱ ቅጠል ላይ ነው።

አሮጌው ቅጠል ጫፉ ደርቆ፣ ብርሃን ላይ ሲያዩት ብርቱካንማ ወይም ቢጫ ነጠብጣብ ካለበት ፖታሲየም አንሷል። የቅጠሉ ዳር ሰፊ ቢጫ ሆኖ መሃሉ አረንጓዴ ከቀረ ማግኒዥየም ነው። እዚህ ላይ የሚሠራው ትልቁ ስህተት ቢጫውን ቅጠል «አስቀያሚ ነው» ብሎ መቁረጥ ነው። ያ ቅጠል የዛፉ ጎተራ ነው፤ ዛፉ ከሱ እየቀዳ ነው። ሲቆረጥ ከሱ ቀጥሎ ካለው መቅዳት ይጀምራል፣ እሱም ቢጫ ይሆናል፣ ያም ይቆረጣል፤ እንዲህ እየተባለ ዛፉ በጥቂት ቅጠል ይቀራል። ሙሉ በሙሉ ቡናማ ሆኖ የደረቀውን ብቻ ይቁረጡ። ለማግኒዥየም ተብሎ ኤፕሰም ሶልትን ለብቻው ደጋግሞ መስጠትም አይጠቅምም፤ ማግኒዥየምና ፖታሲየም በሥሩ በር ላይ ስለሚፎካከሩ አንዱን ማብዛት ሌላውን ያስርበዋል።

አዲሱ ቅጠል አጥሮ፣ ተኮማትሮና የተለበለበ መስሎ ከወጣ የማንጋኒዝ እጥረት ነው። ቀዝቃዛ አፈር ብቻውን ይህን ሊያመጣ ይችላል፤ ሜይ ላይ የወጣው እንዲህ ሆኖ የጁኑ ጤነኛ ከሆነ አፈሩ ስለሞቀ ተስተካክሏል ማለት ነው፣ ምንም አያድርጉ። የጁላዩም እንዲሁ ከሆነ ፒኤቹን ያስመርምሩ፤ ማንጋኒዝ ሰልፌት በመለያው ላይ ባለው መጠን ይስጡ። የተበላሸው ቅጠል አይመለስም፤ የሚታየው ቀጥሎ የሚወጣው ነው። አዲሱ ቅጠል ቢጫ ሆኖ ደም ሥሮቹ አረንጓዴ ከሆኑ ብረት ነው፤ መንስኤው ግን ብዙውን ጊዜ አፈሩ ውስጥ ብረት ማጣት ሳይሆን ውሃ ያቆረ አፈር ወይም ጥልቅ አተካከል ነው። ቅጠሉ እንደ መንጠቆ የታጠፈ ወይም መከፈት ያቃተው ከሆነ ቦሮንን ይጠርጥሩ፤ ቦሮን ግን በመፈለግና በመመረዝ መካከል ያለው ልዩነት ጠባብ ስለሆነ ያለ ምርመራ አይጨምሩ።

ውሃና ጉዝጓዝ

አዲስ የተተከለው ለመጀመሪያው ወቅት በሳምንት ሁለት ጊዜ 20 ሊትር ያህል፣ ቀስ ብሎ የሚንጠባጠብ ውሃ ያግኝ። ሥር ከሰደደ በኋላ በሳምንት 25 ሚሊ ሜትር ዝናብ ይበቃዋል፤ ዲሲ ላይ ብዙ ጊዜ ሰማዩ ይሰጣል። ሲያትል ግን ጁላይና ኦገስት ይደርቃሉ፤ እዚያ ያለ ዘንባባ ቀስ ብሎ ቢያድግ ብርድ ስለጎዳው ብቻ ላይሆን ይችላል፤ ሙቀቱ በመጣበት ሰዓት ውሃ ይጠፋል። ኖቬምበርና ዲሴምበር ላይ አፈሩ ከደረቀ ከከባድ ብርድ በፊት አንድ ጊዜ በደንብ ያጠጡ፤ አፈሩ በረዶ ከሆነ በኋላ ነፋሱ ከቅጠሉ የሚወስደውን ሥሩ መተካት አይችልምና።

ጉዝጓዙ የተፈለጠ ቅርፊት ወይም የጥድ ቅጠል ሊሆን ይችላል፤ 10 ሴንቲ ሜትር ውፍረት፣ ከግንዱ አንድ ሜትር ድረስ። ከታንክስጊቪንግ በኋላ ወደ 20 ሴንቲ ሜትር ያሳድጉት፣ ኤፕሪል ላይ መልሰው ያሳንሱት።

የብርድ ወራት

መጠቅለል ግዴታ የሚሆነው ሁልጊዜ አይደለም። የመጀመሪያዎቹ ሁለት ዓመታት ላይ ያለ ዊንድሚል ትንበያው ከ20 ፋራናይት (7 ዲግሪ ሴልሺየስ ከዜሮ በታች) ሲወርድ ይጠቀለል፤ ሥር የሰደደው ደግሞ ከ12 ፋራናይት ሲወርድ። ትንበያው ከዚያ ካልወረደ ሳይነኩት ቢተዉት ይሻላል፤ ሲያትል ውስጥ ሥር የሰደደ ዊንድሚል በአብዛኛው ዓመት መጠቅለል አያስፈልገውም።

አጠቃለሉ እንዲህ ነው። ቀን፣ ቅጠሉ ደረቅ ሳለ፣ ሁለት ሰው ሆነው ቅጠሎቹን ወደ ላይ ሰብስበው በለስላሳ ገመድ ይሰሩ፤ በበረዶ በደረቀ ሌሊት ከሞከሩ እጀታዎቹ ይሰበራሉ። ከዚያ የድሮውን ዓይነት የገና መብራት፣ ሲ9 ወይም ሲ7 የሚባለውን፣ ከግንዱ ሥር ጀምረው እስከ ልቡ ድረስ ይጠምጥሙ። ኤልኢዲ አይሆንም፤ ሙቀት የለውም። 25 አምፖል ያለው የሲ9 ገመድ በአማካይ 175 ዋት ያህል ይሰጣል፣ ለሰው ቁመት ዛፍ ይበቃል። በ35 ፋራናይት የሚበራና በ45 የሚጠፋ ባለ ቴርሞስታት ሶኬት ቢገዙ ሌሊት መነሳት ይቀርልዎታል። የኤክስቴንሽን ገመዱ ለውጭ የተሠራ፣ መሰኪያውም እርጥበት ሲነካው ራሱ የሚያጠፋ ይሁን። በላዩ ፍሮስት ክሎዝ የሚባለውን ነጭ ጨርቅ ሁለት እጥፍ ያልብሱ፤ አምፖሉ ጨርቁን በቀጥታ እንዳይነካ ይጠንቀቁ። ዝናብ ወይም በረዶ ካለ ብቻ ላስቲክ ከላይ እንደ ዣንጥላ ይጣል፣ ከታች ክፍት ሆኖ።

ቀን ላይ ከ40 ፋራናይት ሲያልፍ ይፍቱት። ይህን ነው ሰው የሚሰንፍበት። ላስቲኩ ውስጥ ፀሐይ ስትወጣ ይሞቃል፣ ውሃ ያልባል፣ ያ ውሃ ልቡ ላይ ይንጠባጠባል፣ ሌሊት ይበርዳል፣ ልቡ ይበሰብሳል። ለሦስት ወር ተሸፍኖ ከቆየ ዛፍ ይልቅ ሦስት ሌሊት ብቻ ተሸፍኖ የተፈታው የመትረፍ ዕድሉ ሰፊ ነው።

ከባድ በረዶ ሲጥል ቅጠሉን ከታች ወደ ላይ በመጥረጊያ እያነሱ ያራግፉ። ተጋግሮ መስታወት ከሆነ ግን አይንኩት፣ ራሱ ይቅለጥ።

ጦሩ ተነቅሎ ቢወጣ

ማርች መጨረሻ ላይ ጦሩን በሁለት ጣት ይዘው በቀስታ ወደ ላይ ይሳቡ። ካልተንቀሳቀሰ ልቡ ደኅና ነው። ተነቅሎ ከመጣ፣ ታችኛው ጫፉም ለስላሳና የሚሸት ከሆነ ብስባሴ ገብቷል። ልቡ ራሱ እስካልበሰበሰ ድረስ ግን ይህ ሞት አይደለም። ቀዳዳው ውስጥ የተረፈውን የበሰበሰ ነገር ያውጡ፣ የመዳብ ፀረ ፈንገስ በመለያው መጠን ይርጩበት፣ ከ10 ቀን በኋላ አንድ ጊዜ ብቻ ይድገሙ፤ መዳብ ሲበዛ ዛፉን ይመርዛልና። ከዝናብ በትንሽ ክዳን ይከልሉት። ማዳበሪያ አይስጡ። አረንጓዴ ሆነው የቀሩትን ቅጠሎች አንድም አይቁረጡ፤ የሚያድኑት እነሱ ናቸው። እስከ ኦገስት ይጠብቁ፤ መጀመሪያ የሚወጣው ቅጠል አብዛኛውን ጊዜ አጭርና የተቆራረጠ ነው፣ ሁለተኛው ይሻላል።

ብርድ የበላው ቅጠል ወዲያው ላይታይ ይችላል፤ ከሁለት ሦስት ሳምንት በኋላ ነው ቡናማ የሚሆነው። የሚቆረጠው የመጨረሻው ውርጭ ካለፈ በኋላ፣ ሜይ ላይ ነው።

ለሆሳዕና ቅጠል መውሰድ

ደጃፉ ላይ ዘንባባ ያለው ሰው ለሆሳዕና ከራሱ ዛፍ ቆርጦ ቤተ ክርስቲያን መውሰድ ይወዳል፣ ደስም ይላል። በዓሉ ግን ብዙ ጊዜ የሚውለው ኤፕሪል ውስጥ ነው፤ ዛፉ ከብርዱ ወጥቶ አዲስ ቅጠል ለማውጣት ያለውን ሁሉ ከአሮጌ ቅጠሎቹ በሚያሰባስብበት ሰዓት። ከአሥር በላይ አረንጓዴ ቅጠል ካለው ዛፍ ከታችኛው ረድፍ አንድ ወይም ሁለት ቢወስዱ አይጎዳም። ከዚያ ያነሰ ካለው ዘንድሮ ይተዉት። ለቀለበትና ለመስቀል መታጠፊያ ለስላሳው ነጣ ያለ ቅጠል ይመረጣል፤ ያ ግን ጦሩ ነው። እሱን መቁረጥ ልቡ አጠገብ ቁስል ከፍቶ በኤፕሪል ዝናብ ፊት መተው ስለሆነ አይንኩት። የዊንድሚል ቅጠል ማራገቢያ ቢሆንም እያንዳንዱ ጣቱ ለብቻው ተሰንጥቆ ለብ ባለ ውሃ ለሰዓታት ከተነከረ ይታጠፋል፤ ከታች የተወሰደው አንዱ ቅጠል ለብዙ ሰው ቀለበት ይበቃል።